የምትጠብቅ ሴት ሐቅ

 

ባሕሬን ላይ በ1932፣ ኩዌት ላይ ደግሞ በ1938 እ.ኤ.አ. ነዳጅ ከመገኘቱ በፊት የባሕር ዳሩ ሕዝብ እንጀራ ዕንቁ ነበር። በጋ ሲገባ ወንዶቹ ለአራት ወር ገደማ ባሕር ላይ ይከርማሉ። ጠላቂው አፍንጫውን በመቆንጠጫ ዘግቶ፣ ድንጋይ በታሰረበት ገመድ ትንፋሹን ይዞ ይወርዳል።

ሚስቱ ትጠብቃለች። ስልክ የለም። ይኑር ይሙት አታውቅም። ባሏ ሲሄድ ከጀልባው አለቃ የተበደረውን አብቃቅታ ልጆች ታሳድጋለች። ዕንቁው በየገበያው ሲወደስ እሷን ያነሳት የለም። አላህ (ሱ.ወ) ግን ያያት ነበር።

የሙሳን (ዐ.ሰ) እናት አስታውሱ። ልጇን ውሃ ላይ ስትጥል ልቧ ባዶ ሆነ፤ አላህ አጸናላት። እሷም እህቱን ዱካውን እንድትከታተል ላከች። ልብ እየተጨነቀም ሶብር ይኖራል ማለት ነው።

ግን ሶብርን የምንመክረው ለሚጠብቀው ብቻ ነው። ለሄደውስ?

ዑመር (ረ.ዐ) በሌሊት መዲናን ሲዞሩ ባሏ ዘምቶ የቆየባት ሴት ናፍቆቷን ስታንጎራጉር ሰሙ። ልጃቸውን ሐፍሷን (ረ.ዐ) ሄደው «ሴት ያለ ባል ምን ያህል ትታገሣለች?» ብለው ጠየቁ። ዘገባዎቹ አራት ወር ወይም ስድስት ወር ይላሉ። ከዚያም ዘማች ከዚህ ጊዜ በላይ ከቤቱ እንዳይርቅ አዘዙ። የአንዲት ሴት ናፍቆት የሠራዊቱን ደንብ አስቀየረ!

ወንድሜ! ጅዳ ወይም ኩዌት ሆነህ ይህን የምታነብ፣ ደሴ ወይም ጅማ የምትጠብቅህ ሚስት ካለች ሶብሯ አንተ ላይ ያለ አማና ነው። የጠላቂው ሚስት ድምፅ የምትሰማበት መንገድ አልነበራትም፤ ያንተ ስልክ ግን ኪስህ ውስጥ ነው። ገንዘብ መላክህ መልካም ነው፤ ድምፅህም ሐቋ ነው። የመመለሻህን ቀን ንገራት። ቀኑን ካላወቅከው ያለውን እውነት ንገራት።

እህቴ! «መቼ ትመጣለህ?» ብለሽ መጠየቅሽ የሶብር ጉድለት አይደለም። ሐቅሽን ነው የጠየቅሽው። ማንም ሳያይሽ ያሳለፍሽው ሌሊትም አላህ ዘንድ አይጠፋም።

ዛሬ ከዐስር በኋላ እጃችንን ለዱዓእ ስናነሳ፣ ከዚያ በፊት ለሚጠብቀን ሰው እንደውል።

ያ ረብ! የራቁትን በሰላም መልስ፤ የሚጠብቁትን ልብ አጽና። አሚን።