በሜሮን የታተመ አካል አይናቅም

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።

በየዓመቱ ጥር 10 ቀን፣ በከተራ ዕለት፣ የጎንደር ታቦታት ከየመንበራቸው ተነሥተው በዐፄ ፋሲል ስም ወደሚጠራው ጥምቀተ ባሕር ሲወርዱ፣ ከአራዳም ከሌላውም ሰፈር የሚወጣው ሕዝብ ነጭ ለብሶ በእልልታ ያጅባቸዋል። በማግሥቱ ባሕሩ ተባርኮ ጠበሉ በሚረጭበት ጊዜ ግን ከግንቡ ርቀው፣ ነጠላቸውን እስከ ዓይናቸው ስበው የሚቆሙ አሉ። እምነት አንሷቸው አይደለም። አንዷ በልጅነቷ እሳት ያቃጠለው ፊቷን ትሸሽጋለች፤ ሌላው የሰለለ እግሩን፣ ሌላውም በሥጋ ደዌ የተጎዱ ጣቶቹን ይሸሽጋል። ምንም ጉዳት ሳይኖርባቸው የቆዳቸውን መልክ፣ የአፍንጫቸውን ቅርፅ፣ የቁመታቸውን ማጠር እየጠሉ የሚኖሩም ብዙዎች ናቸው። ሰው በገዛ አካሉ ስለሚያፍርበት ስለዚህ ኀዘን ቤተ ክርስቲያን የምታስተምረው ምን እንደ ሆነ ጥቂት ልንናገር ወደድን።

ከሁሉ አስቀድመን የምናስታውሰው የገዛ ወገናችንን፣ የሕንደኬን ጃንደረባ ነው። በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 8 እንደ ተጻፈ፣ ይህ ሰው የንግሥቲቱ ገንዘብ ሁሉ አዛዥ፣ ባለ ሠረገላ፣ መጽሐፍ አንባቢ ነበረ። ነገር ግን ጃንደረባ ማለት በቀጥተኛ ትርጉሙ የተሰለበ ሰው ማለት ነው፤ እንዲህ ያለውም ሰው ወደ እግዚአብሔር ጉባኤ እንዳይገባ በኦሪት ዘዳግም ምዕራፍ 23 ተከልክሎ ነበር። እርሱ ግን ክልከላው ሳያስቀረው ሊሰግድ ወደ ኢየሩሳሌም ሄደ። ሲመለስ ያነብ የነበረው የኢሳይያስን ምዕራፍ 53 ነው። በዚያ ምዕራፍ፣ ስለ ሕዝቡ መከራ የተቀበለው አገልጋይ ዓይን የሚማርክ ደም ግባት እንዳልነበረው፣ ሰዎችም ከእርሱ ፊታቸውን እንደ መለሱ ተነግሯል። በዚያው መጽሐፍ ጥቂት ዝቅ ብሎ፣ በምዕራፍ 56፣ እግዚአብሔር ቃል ኪዳኑን ለሚጠብቁ ጃንደረቦች ከወንዶችና ከሴቶች ልጆች የሚበልጥ ስም በቤቱ ሊሰጣቸው ተስፋ ገብቷል።

እንግዲህ ይህ ሰው ውኃ ባየ ጊዜ፣ እንዳይጠመቅ የሚከለክለው ነገር እንዳለ ፊልጶስን መጠየቁ እንዲያው የወጣ ቃል አይመስለንም። በአካሉ ምክንያት ሲከለከል የኖረ ሰው ጥያቄ ነው። ፊልጶስም ከእምነቱ በቀር ስለ ሌላ ነገር አልጠየቀውም። ሁለቱም ወደ ውኃው ወረዱ፤ ተጠመቀም፤ ደስ እያለውም መንገዱን ሄደ። አካሉ እንደ ነበረ ነው፤ ደስታው ግን ፍጹም ሆነ። ከኢትዮጵያ ሰዎች መካከል አስቀድሞ መጠመቁ የተጻፈለት፣ ሙሉ አካል የሌለው ሰው መሆኑን ልብ ልንለው ይገባናል።

ምናልባት አንዳንድ ሰው «መጻሕፍት ሥጋን ይነቅፉ የለምን? እኛስ በጾምና በስግደት የምንደክመው ሥጋን ለመቃወም አይደለምን?» ይል ይሆናል። ነገሩ ግን መለየት አለበት። ሐዋርያው ጳውሎስ በገላትያ መልእክት ምዕራፍ 5 የሥጋ ሥራ ብሎ ከቆጠራቸው መካከል ቅናት፣ ጥል፣ መለያየትም ይገኙባቸዋል። ቅናት የእጅ ወይም የእግር ሥራ አይደለም፤ ከፈቃድ የሚወጣ ነው። ስለዚህ የተነቀፈው እግዚአብሔር የፈጠረው አካል ሳይሆን፣ ከእግዚአብሔር የራቀው ፈቃድ ነው። ጾምም ፈረስን እንደ መግራት ነው፤ ፈረሱን የሚጠላ ሰው ሊገራው አይደክምም።

በደብረ ብርሃን ሥላሴ ጣሪያ ላይ የተሣሉትን ኪሩቤል ያየ ሰው ፊትና ክንፍ ብቻ እንዳላቸው ያውቃል። በታቻቸው ግን ሙሉ አካል ያለው ምእመን ቆሞ ያስቀድሳል። አምላክ ሰውን ለማዳን በመጣ ጊዜ የመላእክትን ባሕርይ አልነሣም፤ ከእመቤታችን ከቅድስት ድንግል ማርያም የእኛን ሥጋ ነሣ እንጂ። በጎንደር ዘመን ሊቃውንት በቅብዐትና በጸጋ ነገር የተከራከሩት፣ በ1870 ዓ.ም. በቦሩ ሜዳም ጉባኤ የተደረገው፣ ስለዚሁ ሥጋ ክብር ነበር። እኛም ሥጋ በተዋሕዶ ከበረ ብለን እናምናለን። እንግዲህ በጉባኤ የሥጋን ክብር እየመሰከርን፣ ቤታችን ገብተን በመስተዋት ፊት ያንኑ ሥጋ ብንረግም፣ ሃይማኖታችን በአፋችን ብቻ ቀረች ማለት ነው።

ደግሞም ወንድ በአርባ ቀን፣ ሴት በሰማንያ ቀን ስትጠመቅ፣ ካህኑ በቅዱስ ሜሮን ሠላሳ ስድስት ስፍራ አካላቸውን ያትማል። በዚያ ሰዓት ካህኑ ይህ ያማረ ነው፣ ያ ያላማረ ነው ብሎ አልመረጠም። ዓይን ብርሃን ቢኖረውም ባይኖረውም ታትሟል፤ እግር ቢቀናም ቢቆለመምም ታትሟል። አንባቢ ሆይ! ዛሬ የምታፍርበት አካል ያን ጊዜ ለመንፈስ ቅዱስ ማደሪያነት የተለየ መሆኑን አስብ።

አባቶቻችንም ይህን በሥራ አሳይተዋል። ብሉያትን፣ ሐዲሳትን፣ ሊቃውንትንና መነኮሳትን አራቱን ጉባኤያት የፈጸመ መምህር «አራት ዓይና» ይባላል፤ ይህ ስም የፊትን ዓይን ቆጥሮ የተሰጠ አይደለም። ሠዓሊዎቻችን አቡነ ተክለ ሃይማኖትን ሲሥሉ፣ ስድስት ክንፍ ቢሰጧቸውም በጸሎት ብዛት የተሰበረውን እግራቸውን አይሸሽጉትም፤ ከክብራቸው ጋር ያስቀምጡታል። በዘሌዋውያን ምዕራፍ 21 ነውር ያለበት የአሮን ልጅ መሥዋዕት እንዳያቀርብ መከልከሉን የሚጠቅስ ቢኖር፣ በዚያው ምዕራፍ ያው ሰው ከቅዱሱ እንጀራ እንዲበላ መፈቀዱን ጨምሮ ያንብብ። ክልከላው ስለ አገልግሎቱ ሥርዓት ነበር እንጂ ሰውዬውን ከማዕድ የሚያስነሣ አልነበረም።

እኛ ግን ይህን ሁሉ እየተማርን በድለናል። በተማሪነታችን ዘመን አንድ እግሩ የሚያነክስ ጓደኛ ነበረን። አቋቋም በሚጠናበት ጊዜ ሁልጊዜ በኋላ ረድፍ ይቆም ነበር። እኛም በክርስትና ስሙ አንጠራውም፤ በእግሩ ስም አውጥተንለት ነበር፤ እርሱም አብሮን ይስቅ ነበር። ከብዙ ዓመት በኋላ ስንገናኝ፣ ከሁላችን ይልቅ ዜማውን አጽንቶ የያዘ ሆኖ አገኘነው፤ ስለምን ወደ ፊት እንዳልቆመም ጠየቅነው። «በኋላ ሆኜ እግሬን የሚያይብኝ ስላልነበረ ነው» አለን። የዚያ ሰው ሳቅ ልቅሶ እንደ ነበረ ያን ቀን ዐወቅን። ይቅርታ ለመንነው፤ እርሱም ይቅር አለን፤ ነገር ግን ያ ሁሉ ዓመት በኋላ ረድፍ አልፏል።

አካልን መቀበል ማለት ግን አካልን ቸል ማለት አይደለም። በኤፌሶን መልእክት ምዕራፍ 5 እንደ ተጻፈ፣ ሰው የገዛ ሥጋውን የሚመግበውና የሚንከባከበው ነው። በ1947 ዓ.ም. በጎንደር የጤና ጥበቃ ኮሌጅ ተከፍቶ የጤና መኮንኖች፣ ነርሶችና የአካባቢ ንጽሕና ባለሙያዎች የሠለጠኑት ለዚሁ ሥራ ነው። ፊትን በንጹሕ ውኃ አዘውትሮ መታጠብ ዓይን የሚያጠፋውን ትራኮማ ለመከላከል ይረዳል፤ የሥጋ ደዌም ከ6 እስከ 12 ወር በሚወሰድ መድኃኒት ይድናል። ስለዚህ በሽተኛውን ወደ ሐኪም እንዳይሄድ የሚያሳፍር፣ ከዳነም በኋላ የሚሸሸው ሰው ኃጢአት ይሠራል። በሌላ ወገን ደግሞ በእጅ ስልክ የተለወጠ የፊት ሥዕል እያዩ፣ ቆዳቸውን ለማንጻት በየገበያው የሚሸጠውን ቅባት የሚቀቡ ወጣቶች አሉ። ከእነዚህ ቅባቶች በአንዳንዶቹ ውስጥ ሜርኩሪ የሚባል መርዝ እንደሚገኝ፣ ይህም ኩላሊትን እንደሚጎዳ የዓለም የጤና ድርጅት አስጠንቅቋል። አካልን የሚንከባከብ ያድነዋል፤ የሚጠላው ግን አሳምረዋለሁ ሲል ያጠፋዋል።

እንግዲህ ካህናት አባቶች ሆይ! አካሉ የተጎዳውን ሰው የኃጢአት ቅጣት ምሳሌ አድርጋችሁ አትስበኩበት፤ ጌታችን ዕውር ሆኖ ስለ ተወለደው ሰው ሲጠየቅ፣ እርሱም ወላጆቹም ኃጢአት ስለ ሠሩ አይደለም ብሎ ዘግቶታልና (ዮሐ. 9)። ነጠላውን ስቦ በሩቅ የቆመውን እናንተ ወደ እርሱ ሄዳችሁ ጠበል እርጩት። ወላጆች ሆይ! ልጃችሁን ከእኅቱ መልክ ጋር አታወዳድሩ፤ በጉድለቱም ቅጽል ስም አታውጡለት። በወሊድና በድካም ሰውነትሽ የተለወጠ እናት ሆይ! ያ ለውጥ ልጆችሽን ያሳደግሽበት ምልክት ነውና አትፈሪበት። እያንዳንዳችንም ጠዋት ፊታችንን ስንታጠብ፣ ስላየንበት ዓይን፣ ስለ ሠራንበት እጅ፣ ጎድሎም ቢሆን ስለ ተሸከመን እግር ስም እየጠራን እናመስግን። የምናመሰግንበትን ነገር መናቅ ይከብደናልና።

ጌታችን ከሙታን ተለይቶ በተነሣ ጊዜ የችንካሩን ምልክት ከእጁ አላጠፋም፤ ቶማስ እንዲዳስሰው ዘርግቶ ሰጠው እንጂ። የከበረው አካል ቁስሉን ካልሸሸገ፣ በእርሱ የታተምን እኛ ስለምን እንሸሸጋለን? በሚመጣው ጥምቀት በግንቡ ማዶ የቆመ ወንድም ወይም የቆመች እኅት ብናይ፣ እጃቸውን ይዘን ወደ ውኃው እንቅረብ። የሚከለክላቸው የለምና።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር፤ አሜን።