ከመጠምጠም መማር ይቅደም

ልጄ፣ አባትሽ ባለፈው ሰንበት ከቅዳሴ ስንወጣ ያዝ አድርጎኝ፣ «ይቺ ልጅ ተዋናይት ካልሆንኩ ብላ አዲስ አበባ ልትሄድብን ነው፤ እርስዎን ትሰማለችና ይምከሩልኝ» አለኝ። እንዳስቀርሽ ነበር የፈለገው። ነገሩን ሳወጣ ሳወርድ ሰነበትኩና ላስቀርሽ አልወደድኩም። ሂጂ፤ ግን ተምረሽ ሂጂ። ከሄድሽም ሌላው የጻፈልሽን ቃል ብቻ እየተናገርሽ አትርጂ። ትወናውን መግቢያ በር አድርጊው፤ ውሎ አድሮ ብዕሩን ያዢ፤ ከብዕሩም ወደ ዝግጅቱ ተሻገሪ። ነገር በምሳሌ ጠጅ በብርሌ ነውና ከገዛ ደጃችን ልጀምርልሽ።

«ሴት ብታውቅ በወንድ ያልቃል» የሚል ተረት ሲነገር ሰምተሽ አድገሻል። አባባል ስለሆነ ብቻ እውነት አይሆንም፤ ይህን አባባል ገዳማችን መርጡለ ማርያም ራሷ ታፈርሰዋለች። በቅጥሯ የቆመው፣ በጥርብ ድንጋዩ ላይ ጌጥ የተቀረጸበት የጥንቱ ሕንጻ ፍራሽ የእቴጌ እሌኒ ሥራ ነው ይባላል። እቴጌ እሌኒ ከሀዲያ ባላባት ተወልደው በአፄ ዘርዓ ያዕቆብ ቤተ መንግሥት የገቡ፣ አፄ ልብነ ድንግል ልጅ ሳሉም በሞግዚትነት አገር የመሩ ሴት ናቸው። ማቴዎስ የተባለውን መልእክተኛ ወደ ፖርቱጋል ንጉሥ የላኩትም እሳቸው ናቸው። እቴጌይቱ ሁለት መጻሕፍት እንደ ደረሱም ይነገራል። እንግዲህ ደጇን የምንሳለመው ቤተ ክርስቲያን ታሪክ ከአንዲት ሴት ደራሲ ታሪክ ጋር የተያያዘ ነው።

ያን ያህል ዘመን ወደ ኋላ መሄድም አያስፈልግ። የጎጃሟ እማሆይ ገላነሽ ሐዲስ ዓይነ ስውር ነበሩ። ከአባታቸው ቅኔ ተምረው ራሳቸው የቅኔ መምህር ሆኑ፤ ወንዶች ደቀ መዛሙርት ከእግራቸው ሥር ተቀምጠው ከአፋቸው ተማሩ። ልብ ካላየ ዓይን አያይም ይሉት ይህ ነው። ስለዚህ ማንም ሰው ቃልና ድርሰት የወንድ ርስት ነው ቢልሽ እነዚህን ሁለት እናቶች ጥሪበት።

በቴያትሩም መንገድ የጠረጉልሽ አሉ። አገር ፍቅር ቴያትር በ1927 ዓ.ም. ሲመሠረት ሴት መድረክ ላይ መውጣቷ ነውር ነበር፤ የሴቷን ገጸ ባሕርይ ወንድ ቀሚስ ለብሶ ይጫወተው ነበር። አስናቀች ወርቁ ከመጀመሪያዎቹ ሴት ተዋንያን አንዷ ሆና ብቅ ስትል የሰውን ሐሜት ሁሉ ችላ ነው። ክራሯንም ትወናዋንም ይዛ ኖረች፤ በፈረንሳይ የሚታተመው «ኢትዮጲክስ» የተባለው የሙዚቃ ስብስብ 16ኛውን አልበሙን በስሟ አወጣ። በመስከረም 2004 ዓ.ም. አረፈች። ዘፈኗን ዛሬም ከፍተሽ መስማት ትችያለሽ፤ በዚያ ዘመን መድረክ ላይ የተወነችው ግን ካዩት ሰዎች ጋር አብሮ እያለፈ ነው። ትወና ውድ ነገር ነው፤ ግን ካልተቀረጸና ካልተጻፈ ዕድሜው አጭር ነው። ለዚህም ነው ብዕሩን ያዢ የምልሽ።

ዛሬ ብዕሩን የያዙ እህቶችሽን ተመልከቺ። በ2000ዎቹ መጀመሪያ አገር ሁሉ በየሳምንቱ ቁጭ ብሎ የጠበቀውን «ገመና» የተባለውን የቴሌቪዥን ድራማ የጻፈችው አዳነች ወልደገብርኤል ናት። የምመኝልሽን መንገድ የሄደችው ደግሞ አዜብ ወርቁ ናት። በትወና የታወቀች ናት፤ ግን በዚያ አልቆመችም። የፈረንሳዊውን ጸሐፌ ተውኔት የሮበርት ቶማስን ሥራ ከፈረንሳይኛ መልሳ «ስምንቱ ሴቶች» ብላ ለአማርኛ መድረክ አበቃችው። ይህ ተውኔት ስምንት ሴቶች በበረዶ በተከበበ አንድ ቤት ውስጥ ሆነው የቤቱን አባወራ ማን እንደገደለው የሚፋጠጡበት ነው። ከቤት የሚወጣ የለም፤ ታሪኩን ወደፊት የሚገፋው የሴቶቹ ንግግር ብቻ ነው። እንዲህ ያለውን ሥራ ቃል በቃል እየመረመረ የመለሰ ሰው፣ አንዱ ሰው ሲናገር ሌላው ምን እንደሚደብቅ ሳያውቅ አይቀርም።

ከዚያ አዜብ ከቅድስት ይልማና ከቤዛ ኃይሉ ጋር ሆና «እረኛዬ»ን ጻፈች። ዝግጅቱን የያዘችው ራሷ ቅድስት ናት፤ «ረቡኒ» የተባለውን ፊልም ጽፋ ያዘጋጀችው ማለቴ ነው። ድራማው በአርትስ ቴሌቪዥን ሲቀርብ ድርብወርቅ ሰይፉ የተጫወተቻትን እናናን ያልወደደ ተመልካች አላየሁም። ልብ በይ፤ የጻፉት ሦስት ሴቶች ናቸው፣ ያዘጋጀችው ሴት ናት፣ ታሪኩን የተሸከመችው ባልቴት ሴት ናት። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር። አንቺም ብቻዬን ልግነን አትበይ፤ የተከታታይ ድራማ ሥራ ብዙ ክፍልና ብዙ ትዕይንት የሚጠይቅ ነውና በአንድ እጅ አይጨበጨብም። የሚያርምሽን ሰው አትሽሺ፤ አብሮሽ የሚጽፈውን አክብሪ።

በፈረንሳይ አገርም ነገሩ እንዲሁ ሆኗል። አሊስ ጊ የምትባል ሴት በጎሞን ድርጅት ጸሐፊ ሆና ትሠራ ነበር። በ1896 እ.ኤ.አ. አለቃዋን አስፈቅዳ የራሷን አጭር ታሪክ በፊልም ቀረጸች፤ ከዓለም ሴቶች በፊልም አዘጋጅነት የመጀመሪያዋ እሷ ሆነች። ዣን ሞሮ ደግሞ የታወቀች ተዋናይት ሆና ከሩብ ምዕተ ዓመት በላይ ከሠራች በኋላ በ1976 እ.ኤ.አ. «ሉሚዬር» የተባለውን ፊልም ራሷ ጽፋ አዘጋጀች፤ ታሪኩም ስለ ተዋናይት ሴቶች ሕይወት ነበር። ዕድሜዋ ወደ ሃምሳ ተጠግቶ ነበር። ዘግይቷል ብላ አልተወችውም፤ የምታውቀውን ይዛ መጣች። አንቺም ገና በሃያ ዓመትሽ አዘጋጅ ካልተባልኩ ብለሽ አትንገብገቢ። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች።

ከመጠምጠም መማር ይቅደም ሲባል የት እንደሚታይ ታውቂያለሽ፤ በአገራችን የቅኔ ቤት። ተማሪው እንደገባ መወድስ ልዝረፍ አይልም። አስቀድሞ ግስ ያወርዳል፣ መምህሩ ከሚነግረው የሌሎችን ቅኔ ይሰማል፣ አገባቡን ይጠይቃል። ከዚያ ሁለት ቤት ባላት ጉባኤ ቃና ይጀምራል። ስትበላሽበት ይታረማል፣ ዳግመኛ ይቆጥራል፤ እያደር ስምንት ቤት ካለው መወድስ ይደርሳል። መምህር ሆኖ ጉባኤ የሚተክለው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ላንቺም ትወናው የሌሎችን ቅኔ የምትሰሚበት ዘመን ይሁንልሽ። ድርሰት ሲሰጥሽ የራስሽን ቃል ብቻ ሸምድደሽ አትነሺ፤ ሙሉውን አንብቢ። ይህ ትዕይንት ለምን እዚህ ገባ፣ ቢወጣ ምን ይጎድላል፣ ይቺ ሴት ይህን ለምን አሁን ተናገረች ብለሽ ጠይቂ። ቀረጻ ላይ ተራሽ እስኪደርስ ስልክ ስትነካኪ አትዋዪ፤ ካሜራው ለምን እዚያ እንደቆመ፣ መብራቱ ለምን ከጎን እንደመጣ እዪ። ከተፈቀደልሽም ቅንብሩ ከሚሠራበት ክፍል ገብተሽ፣ ከተቀረጸው ምኑ እንደተጣለና ምኑ እንደቀረ አስተውዪ። ስትጽፊም ከአጭር ጀምሪ፤ አንድ ቤት፣ ሁለት ሰዎች፣ አንድ ጠብ። ይህ ጉባኤ ቃናሽ ነው።

ከሁሉ በፊት ግን የአስራ ሁለተኛ ክፍል ፈተናሽን በወጉ ተፈተኚ። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴያትር ጥበባት ትምህርት ይሰጣል፤ በዚያ በኩል መግባት ብትችዪ መልካም ነው። ባይሆንልሽም ሌላ እንጀራ የሚሆንሽ ሙያ ያዢ። የተዋናይ ገቢ አንድ ወር ሞልቶ ሦስት ወር ይጎድላል፤ የተራበ ሰው ደግሞ የማይፈልገውን ሥራ እሺ ይላል።

ሁለተኛው ነገር፣ ይዘሽ የምትሄጂውን ዕወቂ። የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው እንዳይሆንብሽ። ጎጃም ላይ ተወልደሽ ታሪክ አጣሁ ብትዪ የሚያምንሽ የለም። እናትሽ ከጎረቤቷ ጋር ቡና ስትጠጣ የምትናገረውን አድምጪ፤ በሽምግልና ላይ የተጣላው ሰው ፊት ለፊት ሳይሳደብ ነገሩን እንዴት እንደሚወረውር፣ አልቃሽ የሟችን ሥራ እንዴት እንደምትደረድር ልብ በይ። ያለ ዕድሜያቸው ተድረው ትምህርት የተቋረጠባቸው እኩዮችሽም አሉ፤ የእነሱን ነገር ከሩቅ የመጣ ሰው እንዳንቺ ሊጽፈው አይችልም። «ድፍረት» የተባለውን ፊልም ታስታውሺ ይሆናል፤ በጠለፋ የተያዘች ልጅ እውነተኛ ታሪክ ላይ የቆመ ነው። በ2014 እ.ኤ.አ. አሜሪካ በሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል የተመልካቾችን ሽልማት አገኘ። ለልጅቷ የቆመችውን ጠበቃ ሆና የተጫወተችው ሜሮን ጌትነት ደግሞ ተዋናይትም ገጣሚም ናት። ያገራችን ልጃገረድ መከራ በእውነት ሲነገር ባሕር ማዶ ያለውንም ሰው ያስለቅሳል። የውጭውን ድራማ ተመልከቺ፣ አሠራሩን ተማሪበት፤ ሳሎኑንና አነጋገሩን ግን ገልብጠሽ አታምጪ። የሰው ወርቅ አያደምቅ።

ሦስተኛው ማስጠንቀቂያ ነው፤ ይህን የምለው ስለምሳሳልሽ ነው። ኦዲሽን ነው ብሎ በማታ ከሆቴል ክፍል የሚቀጥርሽን፣ ቦታ አሰጥሻለሁ ብሎ ገንዘብ የሚጠይቅሽን፣ ገላሽን የሥራ ዋጋ የሚያደርግብሽን ሰው ጥለሽ ውጪ። ያልጠረጠረ ተመነጠረ። የመጀመሪያ ቀን ስትሄጂ የምታምኚው ሰው ይከተልሽ። እንዲህ ያለ ሰው ካጋጠመሽ ደግሞ ጥፋቱ የሱ ነው፤ አፍረሽ አትደብቂን፣ ለእኛም ለሕግም ተናገሪ። ውል ሳታነቢ አትፈርሚ። የጻፍሽውን ስትሰጪ ቀኑንና ስምሽን ጽፈሽ ቅጂውን ከራስሽ ዘንድ አስቀሪ። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለደራሲ ይቆማል፤ ከሥራው የሚገኘው የኢኮኖሚ መብት በሕይወቱ ሳለና ካረፈም በኋላ 50 ዓመት ይጠበቅለታል። የጻፍሽው ለልጅ ልጅ የሚተርፍ ርስት ነውና ርስትሽን በቃል ብቻ ለማንም አትስጪ።

ስምሽ የወጣ ዕለትም አትታበዪ። ጊዜ የሰጠው ቅል ድንጋይ ይሰብራል፤ መልክና ወጣትነት የሰጡሽ ዝና ጊዜው ሲያልፍ አብሮ ይሄዳል። በዚያን ጊዜ የሚጠራሽ አዘጋጅ ከጠፋ፣ አንቺ ራስሽ ሌሎችን የምትጠሪ ሁኚ። አምሳ ዓመት ለሞላት ተዋናይት የሚሆን ቦታ የሚጽፍ ከሌለ፣ አንቺ ጻፊላት። አንዲት የገጠር ልጅ ተንቀጥቅጣ ኦዲሽን ስትገባ ወንበር ስበሽ አስቀምጫት።

ለአባትሽም የምለውን ነግሬዋለሁ። ልጅህን ከለከልክ ማለት ትተወዋለች ማለት አይደለም፤ ሳትነግርህ ትሄዳለች። መርቀህ ብትሰዳት ግን ሲከፋት ወደ ማን እንደምትደውል ታውቃለች። ፈተናዋን ጨርሳ፣ ማረፊያ ዘመድ ተገኝቶላት፣ ስንቋ ተይዞላት ትሂድ ብዬዋለሁ፤ እሱም ዝም ብሎ ሰምቶኛል። አንቺም በበኩልሽ ትምህርትሽን ይዘሽ አሳምኚው፤ በእንባ አታስጨንቂው።

በይ ልጄ፣ ጎንበስ በይና ልመርቅሽ። የመርጡለ ማርያም አምላክ መንገድሽን ያቅናልሽ። ክፉ ሰው አያግኝሽ። አንደበትሽን ያርታው፣ ብዕርሽን ያሹልልሽ። የሌላውን ቃል ስትናገሪ ያሳምርልሽ፣ የራስሽን ስትጽፊ እውነቱን ይግለጽልሽ። አዝመራሽ ከዘርሽ ይብለጥ፤ አንቺ ያስተማርሻቸው ከአንቺ ይብለጡ። አሜን።