ለድመት የቀረበ አቤቱታ

የተበደለ ሰው ሰሚ ዳኛ ያጣ እንደሆነ በደሉን ለማን ይነግራል? የጃፓን ሲኒማ ገና በወጣትነቱ ዘመን ይህን ከባድ ጥያቄ በአስፈሪ ድመት ታሪክ አማካይነት ለተመልካቹ አቅርቦታል።

ከነዚህ ታሪኮች ዋነኛው በኪዩሹ ደሴት ያለው የሳጋ ግዛት ታሪክ ነው። በዚያ አገር በ16ኛው ምእተ ዓመት መጨረሻና በ17ኛው መጀመሪያ ሥልጣን ከሪዩዞጂ ቤተ ሰብ ወጥቶ ባለሟሎቻቸው ለነበሩት ለናቤሺማዎች ዐለፈ። ሕዝቡም ከዚህ ተነሥቶ አፈ ታሪክ አበጀ። የናቤሺማው ገዥ ጎ በሚባለው የገበታ ጨዋታ ላይ ተቈጥቶ የሪዩዞጂን ልጅ ገደለው። እናቲቱ አቤት የምትልበት ደጅ አልነበራትምና ኀዘኗን ለድመቷ ነግራ ራሷን ገደለች። ድመቷም ደሟን ልሳ ባኬኔኮ፥ ማለት የሰው መልክ የምትይዝ መንፈስ ሆነች፤ ወደ ገዥውም ግቢ ገብታ ታሠቃየው ጀመር።

እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1853 ዓ.ም. ይህ ታሪክ በካቡኪ ቴአትር ሊታይ ሲል የሳጋ ሹማምንት አቤት ብለው አሳገዱት። የእናቲቱን አቤቱታ የሚሰማ አልተገኘም፤ የሹማምንቱ ግን ተሰማ። ይሁን እንጂ ታሪኩ አልጠፋም። በ1937 ዓ.ም. የሺንኮ ኩባንያ በፊልም አወጣው፤ ድመቷን ሆና የሠራችው ሱዙኪ ሱሚኮም በዚህ ዐይነት ሥራ ስሟ ገነነ።

እንግዲህ የድመቷን በቀል ፍርድ ልንለው እንችላለንን? አንችልም። ዳኛ በዳዩን ከንጹሑ ይለያል፤ ድመቷ ግን ገዥውን ለመጕዳት ስትል ምንም ያልበደለችውን እመቤት ገድላ መልኳን ትለብሳለች። በመጨረሻ አንድ ታማኝ ባለሟል ድመቷን ይገድላታል፤ ግቢውም ሰላም ያገኛል። ነገር ግን ስለ ሟቹ ልጅ ማን ጠየቀ? መንፈሲቱ ተቀጣች እንጂ የእናቲቱ ክስ አልታየም።

መንፈስ የሚባል ነገር የለም የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። እኛም ስለ መኖሩ አንከራከርም። የምናስተውለው፥ ሕዝብ እንዲህ ያለውን ታሪክ የሚወልደው የፍርድ በር ሲዘጋበት መሆኑን ነው። ስለዚህ መዝገብ ይዘን የምንቀመጥ፥ በትምህርት ቤትም በልጆች መካከል የምንዳኝ ሁሉ፥ ባለጉዳዩን ነገ ተመለስ ብለን ስንሸኘው ወዴት እንደሚሄድ እናስብ።