አክሱምን መመርመር ድፍረት ነውን?

የተቀደሰች ከተማን ታሪክ በማስረጃ መመርመር ሃይማኖትን መዳፈር ነው የሚሉ አሉ። እኔ ግን ምርመራው ራሱ የአማኝ ግዴታ ነው እላለሁ። ታሪክ መጻፍ ስለ ሙታን መመስከር ነውና፣ በሐሰት መመስከርን የከለከለው ትእዛዝ እነሱንም ይጠብቃቸዋል። ምስክር ደግሞ አንድ ብቻውን አይበቃም።

አክሱምን እንይ። ትውፊታችን ክርስትናን የተቀበሉት ወንድማማቾቹ ነገሥታት አብርሃና አጽብሃ እንደ ሆኑ ይናገራል። በ4ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የተቀረጹት የድንጋይ ጽሑፎችና የተመቱት ሳንቲሞች ግን የሚጠሩት ኢዛናን ነው። ቀደም ያሉት ጽሑፎቹ ከክርስትና በፊት ይመለክ የነበረው አምላክ የማሕረም ልጅ ይሉታል፤ በኋለኛው ድሉን የሰጠው የሰማይ ጌታ ነው። በሳንቲሙም ላይ የጨረቃ ምልክት በነበረበት ቦታ መስቀል ገብቷል። እዚህ ላይ የቆመ ሰው ትውፊቱን ተረት ብሎ ለመጣል ይቸኩላል። ፍለጋውን የቀጠለ ግን የሮሙ ንጉሠ ነገሥት ቆንስጣንዮስ የላከውንና ቅዱስ አትናቴዎስ ያቆየልንን ደብዳቤ ያገኛል። ደብዳቤው የተጻፈው ለኢዛናና ለሳይዛና በአንድነት ሲሆን፣ የኢዛና ጽሑፍም ሳይዛናን ወንድሜ ይለዋል። የሕዝቡ ትውስታ በስሞቹ ከድንጋዩ ቢለይም፣ ሁለት ወንድማማቾች መኖራቸውን ጠብቆ አቆይቷል።

«እምነት ማስረጃ አይሻም» የሚል ይኖራል። እውነት ነው፤ የምናምነው ግን በእግዚአብሔር እንጂ በንጉሥ ስም አይደለም። ስም ሲታረም የሚናጋ እምነት ቀድሞም መሠረቱን ስቷል። ወንጌላዊው ሉቃስም ሁሉን ከመጀመሪያው በጥንቃቄ ተከታትሎ እንደ ጻፈ በመግቢያው ገልጿል፤ መመርመሩ ከማመን አላራቀውም።

በሌላ ወገን «ከድንጋይ በቀር ምስክር አልቀበልም» የሚል ተመራማሪ አለ። ድንጋዩም ቢሆን የሚናገረው ንጉሡ እንዲነገር የፈቀደውን ነው። 33 ሜትር ገደማ የሚረዝመውን፣ ዛሬ ወድቆ የተሰባበረውን ታላቅ ሐውልት ጠርበው የጎተቱት ሰዎች ስማቸው የትም አልተጻፈም። የገዢን ቃል ብቻ ሰምቶ የሚፈርድ ዳኛ፣ የተነገረው ሁሉ እውነት ቢሆን እንኳ፣ ፍርዱ ጎደሎ ነው።

ስለዚህ ስለ አክሱም የምትጽፉ ሁሉ፣ ድንጋዩንም ሽማግሌውንም ጠይቁ። ሁለቱ በተስማሙበት ጽኑ፤ በተለያዩበት ልዩነቱን ሳትሸፍኑ ጻፉ። ሙታን ቀርበው ቃላችንን ሊያርሙ አይችሉም፤ አደራቸው የከበደውም ለዚህ ነው።