ይግባኙ እስኪሰማ ድረስ



እግዚአብሔር ሕዝቡን ወደ ምድረ ርስት ሲያገባ ስድስት የመማፀኛ ከተሞች እንዲለዩ አዘዘ (ዘኁ. 35፤ ኢያ. 20)። ሳያስበው ነፍስ ያጠፋ ሰው ደም ተበቃዩ ሳይደርስበት ከእነዚህ ወደ አንዲቱ ይሸሻል፤ በከተማዪቱ በር ቆሞም ነገሩን ለሽማግሌዎች ያስረዳል። በሩ ለእስራኤል ልጆች ብቻ ሳይሆን በመካከላቸው ለሚኖረው መጻተኛም ክፍት ነበር። ከተማዪቱ ግን ሰውዬው ንጹሕ ነው ብላ አልፈረደችም፤ በሸንጎ ቀርቦ ሳይመረመር እንዳይሞት ጠበቀችው እንጂ። ሆን ብሎ የገደለ ሆኖ ቢገኝ ተላልፎ ይሰጥ ነበር። ስለዚህ መማፀኛው ፍርድን የሚያስቀር ሳይሆን ለፍርድ ጊዜ የሚሰጥ ነበር።

በዘመናችን ጥገኝነት ጠያቂ ይግባኝ ብሎ ሳለ ከአገር እንዳይባረር ፍርድ ቤት የሚሰጠው ዕግድ ይህንኑ አገልግሎት ይፈጽማል።

እ.ኤ.አ. በ2005 አንድ ኤርትራዊ በፓሪስ ሻርል ደ ጎል አውሮፕላን ማረፊያ ጥገኝነት ጠየቀ። ባለሥልጣናቱ ጥያቄው በግልጽ መሠረት የለውም ብለው እንዳይገባ ከለከሉት። በጊዜው በነበረው የፈረንሳይ ሕግ ለዳኛ ማመልከት ብቻውን መባረሩን አያግድም ነበር። በስትራስቡርግ የሚገኘው የአውሮፓ የሰብዓዊ መብቶች ፍርድ ቤት ግን ለጊዜው ወደ ኤርትራ እንዳይመለስ ለፈረንሳይ መንግሥት አሳሰበ። ሰውዬው ገባ፤ ከጥቂት ወራት በኋላም መሠረት የለውም የተባለው ያው ሰው በፈረንሳይ የስደተኛነት መብቱ ታወቀለት። ያ ዕግድ ባይኖር ኖሮ እውነቱ ሲታወቅ ባለ ጉዳዩ በስፍራው ባልተገኘ ነበር። ፍርድ ቤቱም በ2007 እንዲህ ያለ አቤቱታ ማባረሩን ወዲያው ካላገደ በቂ መፍትሔ እንዳልሆነ ፈረደ። ፈረንሳይም በዚያው ዓመት ሕጓን አሻሽላ በድንበር ላይ የተከለከለ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ለዳኛ እንዲያመለክት፣ ዳኛው እስኪወስንም እንዳይባረር ደነገገች።

ዕግድ ጉዳይን ማጓተቻ ይሆናል የሚሉ አሉ። በእርግጥ ይግባኝ የሚል ሁሉ አይረታም፤ መንግሥትም የስደተኞችን አቀባበል በሕግ ሊወስን እንደሚችል ቤተ ክርስቲያን ታስተምራለች። ሆኖም ሁለቱን ጉዳቶች በሚዛን እናስቀምጣቸው። ያለ በቂ ምክንያት ጥቂት ወራት የቆየን ሰው ኋላ መመለስ ይቻላል። ወደ እስር ቤትና ወደ ሥቃይ የተመለሰውን ግን የትኛው ብይን ያወጣዋል? አባቶቻችን በፍርድ ከሄደች በቅሎ ይልቅ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦ ታስቆጫለች የሚሉት የፍርድን ክብር ስለሚያውቁ ነው። ጭብጦ እንዲህ ካስቆጨች፣ ያለ ፍርድ የሄደች ነፍስ ምንኛ ታስቆጭ ይሆን! ኒቆዲሞስም በፈሪሳውያን መካከል ሆኖ ያልተሰማ ሰው ሊፈረድበት እንደማይገባ የተሟገተው ስለዚሁ ነው (ዮሐ. 7)።

እንግዲህ ከእኛ ምን ይጠበቃል? ጉዳዩ ገና በዳኛ ፊት ያለውን ሰው ሐሰተኛ ብለን ቀድመን አንፍረድበት። በባሕር ማዶ ውሳኔ የሚጠብቁ ዘመዶቻችንንም እውነቱን ብቻ እንዲናገሩ እንምከራቸው፤ የተፈጠረ ታሪክ የእውነተኛውን ስደተኛ ቃል ያሳጣልና። ከደቡብ ሱዳን፣ ከሶማሊያ፣ ከሱዳንና ከኤርትራ ወደ አገራችን የመጡትንም እንስማቸው። መምህራን ሆይ፤ ስለ ቅዱስ ቤተሰብ ወደ ግብፅ መሰደድ ስታስተምሩ፣ ሕፃኑ የዳነው ዮሴፍ በሌሊት ስለ ተነሣ ብቻ ሳይሆን የደረሱበት ምድር ስላቈየቻቸውም መሆኑን ለልጆቹ አስረዱ።

በእንግድነት የሚመጣብን ጌታ በራችንን ክፍት፣ ጆሯችንንም የሚሰማ ያድርግልን። አሜን።