በግድ የተነሣ ምስል የማን ነው?

የታሪክ ማኅደር ያለፈውን ዘመን እውነት ያለ አድልዎ የሚጠብቅ ጎተራ ተደርጎ ይታሰባል። ነገር ግን ጎተራውን የሞላው ማን ነው? በማንስ ፈቃድ? የጥቁር ሕዝብን ያለፈ ሕይወት ከሰነድ ውስጥ ፈልቅቆ ለማውጣት ለሚነሣ አርቲስት ይህ የመጀመሪያው የኅሊና ፈተና ነው።

እ.ኤ.አ. በ1850 የሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲው ፕሮፌሰር ሉዊ አጋሲ፣ የሰው ዘሮች ምንጫቸው የተለያየ ነው የሚለውን የተሳሳተ እምነቱን ለማስረዳት፣ በደቡብ ካሮላይና በባርነት ቀንበር ሥር የነበሩ ሰዎችን ፎቶግራፍ አስነሣ። አምስት ወንዶችና ሁለት ሴቶች ልብሳቸው ተገፎ በጆሴፍ ዚሊ ካሜራ ፊት ቀረቡ። ከመካከላቸው ሬንቲና ልጁ ዴልያ፣ ጃክና ልጁ ድራና ይገኙ ነበር። ፈቃዳቸውን የጠየቀ አልነበረም። በብር በተለበጠ መዳብ ላይ የታተሙት ምስሎችም ተረስተው ኖረው፣ በ1976 በዩኒቨርሲቲው የፒቦዲ ሙዚየም ጣሪያ ሥር ተገኙ።

«የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳ» ሲባል ኖሯል። እዚህ ላይ ግን ነገሩ ተገለበጠ፤ የተወጋውን ሰው መታሰቢያ ቆልፎ የያዘው የወጋው ወገን ሆነ።

ጥቁር አሜሪካዊትዋ አርቲስት ኬሪ ሜ ዊምስ በ1995 እና በ1996 በሠራቻቸው ተከታታይ ፎቶግራፎች ውስጥ የአራቱን ሰዎች ምስል በቀይ ቀለም አልብሳ፣ በመስተዋቱ ላይ ቃል ቀርጻ ለሕዝብ አቀረበች። ታዲያ ዕርቃናቸውን ዳግመኛ ለአደባባይ ማውጣት ያንኑ ግፍ መድገም አይሆንምን?

ጥያቄው በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም። ምስሉን እንዳለ ማሳየት የገፋፊውን ዓይን ለተመልካች ማዋስ ነው፤ መደበቅም የገፋፊውን ቃል የመጨረሻ ቃል አድርጎ መተው ነው። የዊምስ መንገድ ከሁለቱም ይለያል። በአጋሲ ዘንድ «እርሱ» እና «እርስዋ» ተብለው እንደ ናሙና የተቈጠሩት ሰዎች፣ በእርስዋ ቃል «አንተ» እና «አንቺ» ተብለው ተጠሩ፤ የተደረገባቸውም ለራሳቸው ተነገራቸው። ስለ ሰው ማውራትና ሰውን ማነጋገር አንድ አይደለም። የሚነጋገሩት ከሰው ጋር ነውና።

ዊምስ እንደተናገረችው፣ ሃርቫርድ በምስሎቹ አጠቃቀም እንደሚከሳት አስጠንቅቋት ነበር፤ እርስዋም ጉዳዩ በአደባባይ ቢታይ እንደሚበጅ መለሰች። ክሱ ቀረ፤ ተቋሙም ቆይቶ ሥራዋን ገዛ። በ2019 ደግሞ የሬንቲ ተወላጅ ነኝ ያለች ሴት ሃርቫርድን ከሰሰች። በ2022 የማሳቹሴትስ ከፍተኛው ፍርድ ቤት የምስሎቹን ባለቤትነት ነፈጋት፤ ስለ ደረሰባት የመንፈስ ጉዳት ግን ክስዋን እንድትቀጥል ፈቀደ። በ2025 በተደረሰው ስምምነት ሃርቫርድ ምስሎቹን ለቀቀ፤ በቻርልስተን ወደሚገኘው የአፍሪካ አሜሪካውያን ሙዚየም እንዲሄዱም ተወሰነ።

እንግዲህ የሕግ ባለቤትነትና የኅሊና ባለቤትነት የተለያዩ ናቸው። ሬንቲና ዴልያ ዛሬ ፈቃዳቸውን ሊሰጡ አይችሉም፤ ስለዚህ ምስላቸውን የሚያነሣ አርቲስት፣ ዓላማው የቱንም ያህል ቢቀና፣ ባለዕዳ ነው። ኪነ ጥበብ ይህን ዕዳ አይሰርዝም። ባለዕዳነቱን ሳይሸሽግ ሲሠራ ግን፣ ለማዋረድ የተነሣው ምስል አዋራጁን መጠየቅ ይጀምራል።