ሰው በማያይበት ስፍራ ስለሚሠሩ ሰዎች

የተወደድህ አንባቢ ሆይ፤ በምሽት ከእንጦጦ ተራራ ኾነህ ወደ የካ ብትመለከት፥ ከኮተቤ እስከ መገናኛ የተዘረጋውን መብራት ታያለህ። ብርሃኑን ኹሉ ሰው ያያል፤ ስለ ብርሃኑ የደከመውን ሰው የሚያስብ ግን ጥቂት ነው።

ለአገራችን መብራት ከሚሰጠው ኀይል ከፊሉ የሚመጣው ከሩቅ፥ በሱዳን ጠረፍ አጠገብ ካለው ከጉባ ቈላ ነው። በዚያ የዐባይ ግድብ ሥራ መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. ተዠምሮ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመረቀ። በእነዚህ ዓመታት ብዙ ሺሕ ሠራተኞች ከዘመድና ከጎረቤት ተለይተው፥ በጽኑ ሐሩር፥ ቀንና ሌሊት እየተፈራረቁ ሠሩ።

አሠራሩን ልብ በል። ዋናው ግድብ 145 ሜትር ከፍታ አለው፤ የታነጸውም ውሃው ያነሰ ኮንክሪት በስሱ እየተነጠፈ፥ በዳምጠው እየተዳመጠ፥ አንዱ ንጣፍ በሌላው ላይ እየተደረበ ነው። የዛሬው ንጣፍ በነገው ይሸፈናል። በሌሊት ተራ ያለ ሠራተኛ ሥራውን ቢያቃልል፥ የሚቀጥለው ንጣፍ ጉድለቱን ከሰው ዐይን ይሰውርለታል፤ ከውሃው ግን አይሰውርለትም። ውሃ ለሰው ፊት አያደላምና፥ የተሸሸገውን ስንጥቅ ፈልጎ ያገኘዋል።

ወንድሜ ሆይ፤ የአንተም ኑሮ እንዲሁ ነው። ተማሪ ብትኾን መምህሩ በሌለበት ሰዓት፥ ጸሐፊ ብትኾን አለቃህ በማይመረምረው መዝገብ ላይ የምታደርገው ነገር ያ የተሸፈነው ንጣፍ ነው። የመከራ ውሃ በመጣ ጊዜ ይገለጣል።

በስውር የተሠራ መልካም ሥራም ጠፍቶ አይቀርም። ያዕቆብ ሃያ ዓመት በባዕድ አገር የላባን መንጋ በሐሩርና በብርድ ጠበቀ፤ ጌታው ድካሙን አላሰበለትም፥ እግዚአብሔር ግን ቈጠረለት። የግድቡ ሥራ አስኪያጅ የነበሩት ኢንጂነር ስመኘው በቀለም ሐምሌ 19 ቀን 2010 ዓ.ም. ስላረፉ ፍጻሜውን አላዩም፤ የደከሙበት ሥራ ግን ቆሟል።

እንግዲህ ከቤትህ ወደ ሩቅ ሥራ የሄደ አባት ወይም ወንድም ቢኖርህ፥ ደመወዙ በደረሰ ቀን ብቻ ስሙን የምትጠራ አትኹን። ሐሩርን የሚችል ሰው መረሳትን አይችልም። ብቸኝነት ብዙ ቅን ሰዎችን ወደ መጠጥና ወደ ተስፋ መቍረጥ ጥሏልና፥ ዛሬ ማታ ደውልለት፤ የልጆቹን ድምፅ አሰማው፤ በጸሎትህም አስበው።

ሰው በማያይበት ስፍራ የሚያየን ጌታ ለእርሱ መጽናናትን፥ ለአንተም የታመነ እጅን ይስጥ። አሜን።